የአፍሪካ ዋንጫ የት ይደገሳል? ለምንስ እዚያ?

ሬዲዮ ስንከፍት «ብሔራዊ ቡድናችን በሜዳው ይጫወታል» ሲባል እንሰማለን። ጥቂት ቆየት ብሎ ደግሞ «ጨዋታው የሚካሄደው ሞሮኮ ውስጥ ነው» ይባላል። ታዲያ ይኼ እንዴት ይሆናል? በሜዳችን የምንጫወት ከሆነ ሞሮኮ ምን ወሰደን?

ይህን ጥያቄ ብዙ ሰው ይጠይቃል። መልሱን ለማግኘት የብዙ አገሮች ውድድር የት እንደሚደረግና ቦታው በምን ምክንያት እንደሚመረጥ ማወቅ ያስፈልጋል። ከዚህ ቀጥለን የምንመለከተው ይህንኑ ነው።

በመጀመሪያ ስለ ዘመን አቆጣጠር አንድ ነገር እናስታውስ። ዓመቶቹን የምንጽፈው በኢትዮጵያ አቆጣጠር ነው። ውድድሩ የሚጠራው በአውሮፓውያን ዓመት ሲሆን ግን «እ.ኤ.አ.» እንላለን። ይህን ካላስተዋልን ልንሳሳት እንችላለን። ለምሳሌ ኢትዮጵያ የአፍሪካን ዋንጫ እ.ኤ.አ. በ1968 አስተናግዳለች፤ በእኛ አቆጣጠር በ1968 ዓ.ም.ም አስተናግዳለች። እነዚህ ግን ሁለት የተለያዩ ውድድሮች ናቸው።

የመጀመሪያዎቹ ውድድሮች

የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን፣ በአጭሩ ካፍ፣ የተመሠረተው በየካቲት ወር 1949 ዓ.ም. ካርቱም ላይ ነው። መሥራቾቹ ሱዳን፣ ግብፅ፣ ኢትዮጵያና ደቡብ አፍሪካ ነበሩ። በዚያው ወር የመጀመሪያው የአፍሪካ ዋንጫ እዚያው ካርቱም ተካሄደ። ሱዳን ነፃነቷን ካገኘች ገና አንድ ዓመት ከአንድ ወር ገደማ ነበር።

ለውድድሩ የታሰቡት አራት ቡድኖች ነበሩ። የደቡብ አፍሪካ መንግሥት ግን ነጭና ጥቁር በአንድ ቡድን አይሰለፉም አለ። በዚህ ምክንያት ደቡብ አፍሪካ ከውድድሩ ተወገደች። ሦስት ቡድኖች ብቻ ቀሩ። ግብፅ ሱዳንን 2 ለ 1 አሸነፈች። በፍጻሜውም ኢትዮጵያን 4 ለ 0 ረታች። በጠቅላላው የተደረገው ሁለት ጨዋታ ብቻ ነው። ለሁለት ጨዋታ አንድ ሜዳ ይበቃል።

በጥር 1954 ዓ.ም. ተራው የኢትዮጵያ ሆነ። አራት ቡድኖች አዲስ አበባ ላይ ተገናኙ፤ እነሱም ኢትዮጵያ፣ ቱኒዚያ፣ ዩጋንዳና ግብፅ ናቸው። ግብፅ በዚያን ጊዜ የተባበረው የዐረብ ሪፐብሊክ ትባል ነበር። የእኛ ቡድን ቱኒዚያን 4 ለ 2 አሸነፈ። በፍጻሜው ደግሞ ግብፅን በተጨማሪ ሰዓት 4 ለ 2 ረትቶ ዋንጫውን አነሣ። አምበሉ ሉቺያኖ ቫሳሎ ነበር። ከአሠልጣኞቹ አንዱ የነበሩት ይድነቃቸው ተሰማ ከ1964 ዓ.ም. ጀምሮ ሕይወታቸው እስካለፈበት እስከ 1979 ዓ.ም. የካፍ ፕሬዚዳንት ሆነው አገልግለዋል። በ1954ቱ ውድድር የተደረጉት ጨዋታዎች አራት ናቸው። ለእነሱም አንዱ የአዲስ አበባ ስታዲዮም በቂ ነበር።

ቡድን ሲበዛ ሜዳም ይበዛል

ከዚያ በኋላ ብዙ የአፍሪካ አገሮች ነፃነታቸውን አገኙ። ቡድኖችም በዙ። በጥር 1960 ዓ.ም. ኢትዮጵያ ለሁለተኛ ጊዜ ስታስተናግድ ቡድኖቹ ስምንት ሆነዋል። ስምንቱ በሁለት ምድብ ተከፈሉ። አንዱ ምድብ አዲስ አበባ፣ ሌላው ምድብ አሥመራ ተጫወተ። በፍጻሜው የኮንጎ ኪንሻሳ ቡድን ጋናን 1 ለ 0 አሸንፎ ዋንጫውን ወሰደ።

በ1968 ዓ.ም. ከየካቲት መጨረሻ እስከ መጋቢት መጀመሪያ ለሦስተኛ ጊዜ አስተናገድን። አሁንም ቡድኖቹ ስምንት ናቸው። በዚያ ዘመን ኤርትራ ውስጥ ጦርነት ነበር። ሁለተኛው ከተማ ድሬዳዋ ሆነ። ኢትዮጵያ፣ ግብፅ፣ ጊኒና ዩጋንዳ አዲስ አበባ ተጫወቱ። ሞሮኮ፣ ናይጄሪያ፣ ሱዳንና ዛኢር ደግሞ ድሬዳዋ ላይ ተገናኙ። ዋንጫውን የወሰደችው ሞሮኮ ናት። የእኛ ቡድን ዩጋንዳን ቢያሸንፍም ከምድቡ አላለፈም።

አሁን እስቲ ጥቂት ሒሳብ እንሥራ። በአንድ ምድብ አራት ቡድን ካለና እያንዳንዱ ከሌሎቹ ጋር አንድ አንድ ጊዜ ከተጫወተ፣ ምድቡ ስድስት ጨዋታ ይኖረዋል። ሁለት ምድብ ካለ አሥራ ሁለት ይሆናል። ከ2011 ዓ.ም. ወዲህ በአፍሪካ ዋንጫ የሚሳተፉት ቡድኖች 24 ሆነዋል። ይህ ማለት ስድስት ምድብ፣ በምድብ ደረጃ ብቻ 36 ጨዋታ ማለት ነው። ከዚያ በኋላ የሚመጡትን የጥሎ ማለፍ ጨዋታዎች ስንጨምር 52 ይደርሳል።

52 ጨዋታ በአንድ ወር ውስጥ በአንድ ሜዳ ላይ ይደረግ ቢባል ምን ይሆናል? በየቀኑ ሁለት ያህል ጨዋታ ማለት ነው። ሣሩ ይነቀላል፤ መሬቱ ይቦረቦራል፤ ተጫዋቾችም ይጎዳሉ። ሣር እንደ እርሻ በሬ ነው፤ ዕረፍት ይፈልጋል። ስለዚህ ጨዋታው በብዙ ከተማ ይከፋፈላል። ሞሮኮ በታኅሣሥና በጥር 2018 ዓ.ም. ስታስተናግድ የተጠቀመችው በስድስት ከተሞች የሚገኙ ዘጠኝ ስታዲዮሞችን ነው።

ብዙ ሜዳ የሚያስፈልግበት ሌላም ምክንያት አለ። በሰኔ 1974 ዓ.ም. ስፔን ውስጥ በተደረገው የዓለም ዋንጫ አልጄሪያ የምድቧን የመጨረሻ ጨዋታ ቀድማ ጨረሰች። በማግሥቱ ምዕራብ ጀርመንና ኦስትሪያ ኺኾን በምትባል ከተማ ተጫወቱ። ጀርመን 1 ለ 0 ካሸነፈች ሁለቱም እንደሚያልፉ ያውቁ ነበር። ጨዋታውም በዚያው ውጤት አለቀ። አልጄሪያ ወደቀች። ሁለቱ ቡድኖች አንዲት ግብ ከገባች በኋላ ኳስ ሲያንሸራሽሩ የዋሉ ነው ተብሎ ብዙ ተወቀሱ። ከዚያ ወዲህ የአንድ ምድብ የመጨረሻ ጨዋታዎች በአንድ ሰዓት እንዲደረጉ ተወሰነ። በአንድ ሰዓት ሁለት ጨዋታ ለማድረግ ደግሞ ሁለት ሜዳ የግድ ነው።

ቦታ የሚመረጥባቸው ምክንያቶች

ሠርግ የሚደግስ ሰው አስቀድሞ ምን ያያል? ቤቱ ይበቃል ወይ? ውሃ አለ ወይ? እንግዳው የት ያድራል? ክረምቱ ወጥቷል ወይ? የውድድር ቦታ የሚመርጡ ሰዎችም የሚያዩት ይህንኑ የመሰለ ነገር ነው። ዋና ዋናዎቹን እንዘርዝር።

አንደኛ፣ ስታዲዮሙ ነው። የካፍ መርማሪዎች ሣሩ እኩል መሆኑን ይመለከታሉ። የመብራቱን ብርሃን፣ የመልበሻ ክፍሎችን፣ የተመልካች መቀመጫዎችን፣ የመጸዳጃ ቤቶችንና የሕክምና ክፍሉን ይመረምራሉ። የመግቢያና የመውጫ በሮችንም ያያሉ። «በር ደግሞ ምን ያደርጋል?» የሚል ሰው ይኖር ይሆናል። በጥር 2014 ዓ.ም. ካሜሩን ውስጥ፣ ያውንዴ በሚገኘው ኦሌምቤ ስታዲዮም በር ላይ ሕዝብ ተጨናንቆ ስምንት ሰዎች ሞቱ። እዚያ ሊደረግ የነበረው የሩብ ፍጻሜ ጨዋታም ወደ ሌላው የያውንዴ ስታዲዮም ተዛወረ። ስለ በር የሚጠየቀው እንግዲህ የሰው ሕይወት ስለሆነ ነው።

ሁለተኛ፣ ከተማው ራሱ ነው። የአውሮፕላን ማረፊያ፣ መንገድ፣ ሆቴል፣ የልምምድ ሜዳና ሆስፒታል ያስፈልጋል። ስታዲዮም ብቻውን እንግዳ አይቀበልም። ሃያ አራት ቡድን ከሐኪሙና ከአሠልጣኙ ጋር፣ ጋዜጠኛውና ደጋፊው ሲታከልበት ብዙ ሺህ ሰው ነው።

ሦስተኛ፣ ሰላምና ጤና ነው። ሊቢያ የእ.ኤ.አ. 2013ን ውድድር እንድታስተናግድ ተመድባ ነበር። በአገሪቱ ጦርነት በመነሣቱ ውድድሩ በጥር 2005 ዓ.ም. ደቡብ አፍሪካ ውስጥ ተደረገ። ሞሮኮ ደግሞ የእ.ኤ.አ. 2015ን ልታስተናግድ ስትዘጋጅ በምዕራብ አፍሪካ የኢቦላ በሽታ ተነሣ። ሞሮኮ ጊዜው ይራዘም አለች፤ ካፍ አይሆንም አለ። በኅዳር 2007 ዓ.ም. ውድድሩ ለኢኳቶሪያል ጊኒ ተሰጠ። ሁለት ወር ያህል ብቻ ነበር የቀረው። ቢሆንም አስተናገደች። ለምን ቢባል ከሦስት ዓመት በፊት ከጋቦን ጋር አስተናግዳ ስለነበር የተዘጋጀ ሜዳ ነበራት።

አራተኛ፣ የአየር ጠባይ ነው። ኮትዲቯር እ.ኤ.አ. የ2023ን ውድድር በሰኔና በሐምሌ ልታስተናግድ ነበር። ወቅቱ ግን እዚያ ዝናብ የሚበዛበት ነው። ስለዚህ ወደ ጥር 2016 ዓ.ም. ተዛወረ። የቦታው ከፍታም ይታሰባል። አዲስ አበባ ከባሕር ወለል በላይ ከ2300 ሜትር የበለጠ ከፍታ አላት። አየሩ ስስ ስለሆነ ከቆላ አገር የመጣ ተጫዋች ቶሎ ይደክመዋል። ኳሷም ከቆላው ይልቅ ራቅ ብላ ትበራለች። እኛ ለምደነዋል፤ እንግዳው ግን ለመልመድ ጊዜ ይፈልጋል።

አምስተኛ፣ ዝግጅቱ በጊዜ ማለቁ ነው። ካሜሩን የእ.ኤ.አ. 2019ን ውድድር ተሰጥቷት ነበር። ሥራው በመዘግየቱ በኅዳር 2011 ዓ.ም. ተነጠቀች። ከጥቂት ሳምንታት በኋላ ለግብፅ ተሰጠ። ግብፅ በስድስት ወር ውስጥ አስተናገደች። እሷም እንደ ኢኳቶሪያል ጊኒ ሜዳዎቹ አስቀድሞ ነበሯት።

ከእነዚህ ምሳሌዎች አንድ ነገር እንረዳለን። ውድድር በስም ለአንድ አገር ሊሰጥ ይችላል። መጨረሻ ላይ የሚሄደው ግን ሜዳው ወደተዘጋጀበት ነው።

በሁለትና በሦስት አገር

«ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ» ይባላል። 52 ጨዋታም ለአንድ አገር ከባድ ሸክም ሊሆን ይችላል። ስለዚህ አንዳንድ ጊዜ አገሮች ተጋግዘው ያስተናግዳሉ።

የአፍሪካን ዋንጫ መጀመሪያ በሁለት ያስተናገዱት ጋናና ናይጄሪያ ናቸው። ጊዜው ጥር 1992 ዓ.ም. ነው። ውድድሩ አስቀድሞ ለዚምባብዌ ተሰጥቶ ነበር፤ በኋላ ግን ተነጠቀች። ጋናና ናይጄሪያ ድንበር አይጋሩም፤ በመካከላቸው ቶጎና ቤኒን አሉ። ቢሆንም ድግሱን ተካፈሉ። መክፈቻው አክራ፣ ፍጻሜው ሌጎስ ሆነ። በ2004 ዓ.ም. ደግሞ ድንበር የሚጋሩት ጋቦንና ኢኳቶሪያል ጊኒ በጋራ አስተናገዱ።

በአካባቢያችንም ይህ ታይቷል። ቻን የሚባል ሌላ የአፍሪካ ውድድር አለ። በቻን የሚሰለፉት በየአገራቸው ክለብ የሚጫወቱ ብቻ ናቸው። በነሐሴ 2017 ዓ.ም. ይህን ውድድር ኬንያ፣ ታንዛኒያና ዩጋንዳ ለሦስት አስተናገዱ። ጨዋታዎቹ ናይሮቢ፣ ካምፓላ፣ ዳሬ ሰላምና ዛንዚባር ላይ ተደረጉ። መክፈቻው ለዳሬ ሰላም፣ ፍጻሜው ለናይሮቢ ደረሰ። በፍጻሜውም ሞሮኮ ማዳጋስካርን 3 ለ 2 አሸነፈች። እነዚሁ ሦስት አገሮች የእ.ኤ.አ. 2027ን የአፍሪካ ዋንጫም እንዲያስተናግዱ ካፍ በመስከረም 2016 ዓ.ም. ወስኗል።

አከፋፈሉን ልብ እንበል። አንዱ መክፈቻውን ካገኘ ሌላው ፍጻሜውን ያገኛል። ለእያንዳንዱ አስተናጋጅ ምድብ ይመደባል። የራሱ ቡድንም በራሱ ከተማ ይጫወታል። እንዲህ ካልሆነ «ወጪው የእኔ፣ ደስታው የጎረቤቴ» የሚል ቅሬታ ይነሣል።

የኬንያ ነገር በተለይ ያስተምረናል። ኬንያ የእ.ኤ.አ. 1996ን የአፍሪካ ዋንጫ እንድታስተናግድ ተመርጣ ነበር፤ አልሆነላትም። የእ.ኤ.አ. 2018ን ቻን ተሰጥቷትም ሜዳዎቿ በጊዜው ስላልደረሱ ተነጠቀች፤ ሞሮኮ ወሰደችው። ይሁን እንጂ ሠርታ ተመለሰች። በ1996ቱ ፈንታ ያስተናገደችው ደግሞ ማን ናት? በ1949 ዓ.ም. በዘር መድልዎ ምክንያት የተወገደችው ደቡብ አፍሪካ ናት። መድልዎው ከወደቀ በኋላ፣ በጥር 1988 ዓ.ም. አፍሪካን ጋብዛ ዋንጫውን ራሷ አስቀረችው።

የእኛስ ሜዳ?

አሁን ወደ መጀመሪያው ጥያቄያችን እንመለስ። ወደ አፍሪካ ዋንጫ ለመግባት ማጣሪያ አለ። በማጣሪያው እያንዳንዱ ቡድን አንድ ጊዜ በሜዳው፣ አንድ ጊዜ በተጋጣሚው ሜዳ ይጫወታል። ሜዳው ግን በካፍ ተመርምሮ መፈቀድ አለበት። ካልተፈቀደ ቡድኑ የሌላ አገር ሜዳ ለምኖ ወይም ተከራይቶ እዚያ «ባለሜዳ» ይሆናል። በሬዲዮ የሰማነው ነገር ምስጢሩ ይኸው ነው።

ቡድናችን በመጋቢት 2013 ዓ.ም. ባሕር ዳር ላይ ማዳጋስካርን 4 ለ 0 አሸነፈ። በመስከረም 2014 ዓ.ም. እዚያው ባሕር ዳር ከደቡብ አፍሪካ ጋር ተጫወተ። ከዚያ በኋላ ስታዲዮሙ የካፍን መመዘኛ አላሟላም ተባለ። በኅዳር 2014 ዓ.ም. ጋናን «በሜዳችን» የተቀበልናት ጆሃንስበርግ ላይ ነው። በሰኔ 2014 ዓ.ም. ግብፅን የተቀበልነው ማላዊ ውስጥ ሊሎንግዌ ነው። በኅዳር 2016 ዓ.ም. ቡርኪና ፋሶን ሞሮኮ ውስጥ፣ በጳጉሜ 2016 ዓ.ም. ዴሞክራቲክ ኮንጎን ዳሬ ሰላም ላይ፣ በኅዳር 2017 ዓ.ም. ታንዛኒያን ኪንሻሳ ላይ፣ በመጋቢት 2017 ዓ.ም. ደግሞ ግብፅን ካዛብላንካ ላይ «አስተናገድን»።

ሊሎንግዌ ላይ ግብፅን 2 ለ 0 አሸንፈናል። ግቦቹን ያገቡት ዳዋ ሆቴሳና ሽመልስ በቀለ ናቸው። ደስታው ትልቅ ነበር። ነገር ግን ያን ጨዋታ ለማየት ከመርካቶ፣ ከአዳማ፣ ከደብረ ብርሃን ተነሥቶ ስታዲዮም የሚገባ ሰው አልነበረም። ሁላችንም ያየነው በቴሌቪዥን ነው። ከቀሩት ጨዋታዎች ደግሞ በአራቱ፣ ማለትም በሞሮኮው፣ በዳሬ ሰላሙ፣ በኪንሻሳውና በካዛብላንካው፣ ተሸንፈናል። ሽንፈቱ በሙሉ የሜዳ ነው አንልም፤ ኳስ ነውና የተጋጣሚም ብርታት አለ። ይሁን እንጂ ምን ምን እንዳጣን መቁጠር እንችላለን። የተመልካች ጩኸት የለም። ተጋጣሚን የሚያደክመው የደጋ አየር የለም። የመግቢያ ትኬት ገቢ የለም። በዚያ ላይ የአውሮፕላንና የሆቴል ወጪ አለ። በስታዲዮም ዙሪያ ሻይ የሚያፈሉ፣ ባንዲራና ማሊያ የሚሸጡ ሰዎች ገበያም ቀርቷል።

ከሁሉ የሚከፋው ሌላ ነው። አንድ የአሥር ዓመት ልጅ አባቱ ትከሻ ላይ ተቀምጦ ብሔራዊ ቡድኑን በዓይኑ ካላየ፣ ቡድኑ ለእሱ በመስኮት የሚታይ የሩቅ ነገር ይሆንበታል። በ1954 ዓ.ም. ዋንጫው ሲነሣ አዲስ አበባ ስታዲዮም ውስጥ የነበሩ ልጆች ግን እስኪያረጁ ድረስ ሲያወሩት ኖረዋል።

ካፍ የእ.ኤ.አ. 2020ን ቻን ለኢትዮጵያ ሰጥቶ እንደነበርም እናስታውስ። ዝግጅቱ ባለመድረሱ ለካሜሩን ተላለፈ። ስለዚህ ሦስት ጊዜ ያስተናገድን መሆናችን ዛሬ ሜዳ አይሆነንም። የድሮ ድግስ የዛሬን እንግዳ አያጠግብም። መርማሪው የሚያየው ታሪካችንን ሳይሆን ሣሩን፣ መብራቱንና በሩን ነው። ትልልቅ ስታዲዮሞች በየከተማው ተጀምረዋል። ስታዲዮም ግን በግንብ ብቻ አያልቅም። ሣሩን የሚያጠጣ፣ ውሃው የሚወርድበትን ቦይ የሚጠርግ፣ የተሰበረ መቀመጫ የሚተካ ሰው በየቀኑ ይፈልጋል። ይህም በትልቁ ከተማ ብቻ ሳይሆን በቀበሌ ሜዳም የሚሠራ ሥራ ነው። ድንጋዩ ካልተለቀመ ልጆች አይጫወቱበትም፤ ልጆች ካልተጫወቱበት ደግሞ ነገ ለብሔራዊ ቡድን የሚሰለፍ አይገኝም።

ጥያቄዎች

1. በ1949 ዓ.ም. የካርቱም ውድድር ደቡብ አፍሪካ ያልተጫወተችው ለምንድን ነው?
2. በአንድ ምድብ አራት ቡድን ካለ ስድስት ጨዋታ የሚሆነው እንዴት ነው? በወረቀት ላይ ሠርታችሁ አሳዩ።
3. ኢኳቶሪያል ጊኒና ግብፅ በአጭር ጊዜ ውስጥ ማስተናገድ የቻሉት ለምንድን ነው?
4. አንድ ቡድን በሌላ አገር «ባለሜዳ» ሲሆን ምን ምን ያጣል?
5. በአካባቢያችሁ ያለውን የኳስ ሜዳ ሄዳችሁ ተመልከቱ። ምን ይጎድለዋል? ያለ ብዙ ገንዘብ ሊስተካከል የሚችለው የትኛው ነው? ተወያዩበት።